ስለ ዓሣ ስንጥብ፤ የክፍሎቹን ስምና ሥራ አገር አስተዳዳሪ ሁሉ ሊያውቅ እንደሚገባው

ማናቸውም ሀብት በስሙ ካልታወቀ ሊጠበቅ አይችልም። የመሬት ክርክር በቀረበ ጊዜ ዳኛው ወሰኑን፣ ጅረቱንና ጉብታውን በየስሙ ሳይጠራ ፍርድ ቢሰጥ ፍርዱ እንደማይጸና የታወቀ ነው። እንደዚሁም በውኃ ውስጥ ያለውን ሀብት እንዲጠብቅ የተሾመ ሰው፣ የሚጠብቀውን ነገር በስሙ ለይቶ መጥራት ካልቻለ ጥበቃው ከወረቀት አያልፍም።

ይህ ነገር በከብት ረገድ ለማንም ግልጽ ነው። የኢትዮጵያ ሰው በሬ ባረደ ጊዜ ሻኛውን፣ ፍሪምባውን፣ ዳቢቱን፣ ሽንጡን፣ ጭቅናውን ለይቶ ያወጣል፤ አንዱን ብልት በሌላው ስም ቢጠሩበት ይቆጣል። ፈረስ ወይም በቅሎ ሊገዛ የወጣም ሰው የሻጩን ቃል ከመስማቱ አስቀድሞ ከንፈሩን ገልጦ ጥርሱን ያያል፤ ዕድሜው ከጥርሱ ላይ ተጽፏልና። ወደ ዓሣ በተመለሰ ጊዜ ግን ይህ ሁሉ ጥንቃቄ ይጠፋል። ከዓሣ አካል ክንፍና ቅርፊት ከኦሪት ሕግ የተነሣ በሁሉ ዘንድ የታወቁ ናቸው፤ ቅርፊት የሌለውን አምባዛን ብዙ ሰው ሳይበላ የሚቀረው በዚሁ ምክንያት ነው። ከራሱ አጠገብ በክዳን ተሸፍኖ የሚገኘውን ቀይ ብልት ግን አንዱ ጆሮ፣ ሌላው ጉሮሮ፣ ሦስተኛው ሳንባ ብሎ ቢጽፈው፣ ጽሑፉ የሚደርሰው መሥሪያ ቤት ስለ አንድ ነገር ወይም ስለ ሦስት ነገር እንደ ተጻፈለት ሊያውቅ አይችልም።

የዚህ ብልት ትክክለኛ ስሙ ስንጥብ ነው። ፈረስ በጥርሱ እንደሚታወቅ ዓሣም በስንጥቡ ይታወቃል፤ ነገር ግን የፈረስ ጥርስ የሚናገረው ስለ ፈረሱ ብቻ ሲሆን፣ የዓሣ ስንጥብ ስለ ዓሣው፣ ስለ አጥማጁ፣ ስለ ነጋዴው፣ ደግሞም ዓሣው ስለ ኖረበት ውኃና ውኃው ስለ መጣበት መሬት ይመሰክራል። ስለዚህ ሐይቅና ወንዝ፣ ገበያና ኩሬ በግዛቱ ያለው ሹም፣ ወንዝ ዳር የሚያርስ ባለመሬትም ጭምር፣ ይህን ብልት ክፍል በክፍል ሊያውቀው ይገባል።

በመጀመሪያ በውጭ የሚታየው የስንጥብ ክዳን ነው። ይህም በራሱ ግራና ቀኝ እንደ በር የሚከፈትና የሚዘጋ ጠፍጣፋ አጥንት ነው። ክዳኑ በጣት ሲነሣ ከሥሩ የስንጥብ ቅስቶች ይገኛሉ፤ አጥንት ካላቸው ዓሦች በብዙዎቹ በየጎኑ አራት አራት ቅስቶች አሉ፤ እያንዳንዱም እንደ ማጭድ የጎበጠ ነው። ከቅስቱ በስተኋላ በሁለት ረድፍ ተሰልፈው የሚታዩት ቀያይ ለስላሳ ዘርፎች የስንጥብ ክሮች ይባላሉ። በቅስቱ ውስጠኛ ጎን፣ ወደ አፍ ፊቱን መልሶ የቆመው ነጭ የጥርስ ረድፍ የሚመስለው የስንጥብ ማበጠሪያ ነው። አምስተኛ ቅስትም አለ፤ እርሱ ግን ክር አያበቅልም። እንደ ቆሮሶ ባሉት ዓሦች ጥርስ አብቅሎ ምግብ የሚያደቅ የጉሮሮ መንጋጋ ሆኗል።

ከሁሉ የረቀቀው ክፍል በዓይን ብቻ አይታይም። በእያንዳንዱ የስንጥብ ክር ላይና ታች እንደ መጽሐፍ ገጽ የተደረደሩ እጅግ ስስ ቆዳዎች አሉ፤ እነዚህ የስንጥብ ቅጠሎች ሊባሉ ይገባቸዋል። ደም በቅጠሉ ውስጥ እጅግ ተጣቦ ያልፋል፤ በደሙና በውኃው መካከል ያለው ግድግዳም ከወረቀት እጅግ የሳሳ ነው። ስንጥብ ቀይ የሆነው ስለዚህ ነው፤ የሚታየው ቀለም የራሱ የደሙ ቀለም ነውና። የዓሣው ጤና ከዚህ ቀለም ሊነበብ የሚችለውም ስለዚህ ነው።

ክፍሎቹ እያንዳንዳቸው የየራሳቸው ሥራ አላቸው። ማበጠሪያው በአፍ የገባው ምግብ ከውኃው ጋር ተጠራርጎ እንዳይወጣ ይከለክላል፤ ስሱን ክርም ከጠጠርና ከጉድፍ ይጠብቃል። ደቃቅ ነፍሳት የሚመገቡ ዓሦች ማበጠሪያቸው ብዙና ጥቅጥቅ ያለ ሲሆን፣ ሌላ ዓሣ እያሳደዱ የሚውጡት ግን ጥቂትና የተራራቀ አላቸው። በጣና ሐይቅ ላቤዮባርበስ ከሚባለው ወገን 15 ያህል ዝርያዎች ተለይተው ተገልጸዋል። ሊቃውንትም እንዲህ ያሉትን ተቀራራቢ ዓሦች ለመለየት ከሚቆጥሯቸው ነገሮች አንዱ የማበጠሪያው ቁጥር ነው። በዓይን ሲያዩት አንድ የሚመስል ዓሣ ክዳኑ ሲገለጥ ሌላ ሆኖ ይገኛል።

የክሩና የቅጠሉ ሥራ መተንፈስ ነው። ዓሣ አፉን ሲከፍት ክዳኑ ይዘጋል፤ ውኃም ወደ ውስጥ ይገባል። አፉን ሲዘጋ ደግሞ ውኃው በክሮቹ መካከል ተገፍቶ ያልፍና ክዳኑ ተከፍቶ ይወጣል። ይህ ሥራ ቀላል አይደለም። በአንድ ሊትር አየር ውስጥ 210 ሚሊ ሊትር ያህል ኦክሲጅን ሲገኝ፣ በ20 ዲግሪ ሙቀት ባለ አንድ ሊትር ንጹሕ ውኃ ውስጥ ግን የሚገኘው ከ7 ሚሊ ሊትር ያነሰ ነው። ውኃም ከአየር ይልቅ 800 እጥፍ ያህል ይከብዳል። እንግዲህ ዓሣ ከባዱን ነገር እየገፋ ጥቂቱን ትንፋሽ ይለቅማል ማለት ነው።

ይህ ድካሙ ከንቱ እንዳይሆን የተፈጥሮ ጥበብ አንድ ሥርዓት ሠርቶለታል። በስንጥብ ቅጠል ውስጥ ደሙ የሚፈስሰው ውኃው ከሚፈስስበት በተቃራኒ ነው። ስለዚህ ደሙ በሚሄድበት መንገድ ሁሉ ከእርሱ የበለጠ ኦክሲጅን ያለውን ውኃ ያገኛል፤ እስከ መጨረሻውም ድረስ ይቀበላል። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1952 ዓ.ም. የሆላንድ ሊቃውንት ውኃው በአንድ ዓሣ ስንጥብ ላይ በተገላቢጦሽ እንዲያልፍ ባደረጉ ጊዜ፣ ዓሣው ከውኃው የሚወስደው ኦክሲጅን ከ51 ከመቶ ወደ 9 ከመቶ ወረደ። ስንጥቡ ያው ስንጥብ፣ ውኃውም ያው ውኃ ሳለ፣ ሥርዓቱ ብቻ ቢገለበጥ ጥቅሙ እንዴት እንደሚጠፋ ይህ ያስረዳል።

ስንጥብ የሚሠራው መተንፈስን ብቻም አይደለም። ከዓሣው ሰውነት የሚወጣው አሞኒያ የሚባለው መርዛማ ቆሻሻ አብዛኛው የሚወገደው በዚሁ በኩል ነው፤ በጨዋማ ያልሆነ ውኃ የሚኖረው ዓሣ ለሰውነቱ የሚያስፈልገውንም ጨው ከውኃው የሚለቅመው በስንጥቡ ነው። ሳንባም ኩላሊትም የሚሠሩት ሥራ በአንድ ስስ ገላ ላይ ተጭኗል። ስለዚህም ውኃው በተበላሸ ጊዜ ከሁሉ አስቀድሞ የሚጎዳው ስንጥብ ነው።

አምባዛ ግን በዚህ ረገድ ከሌሎቹ የተለየ ዕድል አለው። ከሁለተኛውና ከአራተኛው የስንጥብ ቅስት ላይ እንደ ዛፍ ቅርንጫፍ ያለ ነገር በቅሎለት፣ ከውኃ ወጥቶ አየር ጎርሶ ሊተነፍስ ይችላል። ስለዚህ አንድ ሹም በወንዙ አምባዛ መኖሩን አይቶ ውኃው ደኅና ነው ብሎ እንዳይታለል ያስፈልጋል። ቆሮሶው ሁሉ ሞቶ አምባዛው ብቻ የቀረበት ውኃ እየታመመ ያለ ውኃ ሊሆን ይችላል።

ከዚህ በላይ የተነገረው ዕውቀት ለሊቃውንት እንጂ ለአስተዳዳሪ ምን ይረባዋል የሚሉ አይጠፉም። አስተዳዳሪው ስለ መንገድ፣ ስለ ግብርና ስለ ጸጥታ እያሰበ የዓሣ ክርና ቅጠል ይቁጠር ወይ ብለው ይጠይቃሉ። መቁጠሩስ የሊቃውንት ሥራ ይሁን። ነገር ግን በገበያ፣ በመረብ፣ በወንዝና በኩሬ የሚነሣው ክርክር ሁሉ ዞሮ ዞሮ ስንጥብ ላይ ይወድቃልና፣ ስሙንና ምልክቱን ማወቅ የአስተዳዳሪው ድርሻ ነው።

በገበያ በኩል ያለው ነገር እንዲህ ነው። በጾም ወራት የዓሣ ፈላጊው ሲበዛ፣ የዛሬውን ከትናንት በስቲያው ጋር ቀላቅሎ የሚሸጥ አይታጣም። ሚዛን ክብደቱን ይነግራል እንጂ ዕድሜውን አይነግርም። አዲስ የተያዘ ዓሣ ስንጥቡ ደማቅ ቀይ፣ ሽታው የውኃ ሽታ፣ ክሮቹም አንድ በአንድ የሚለዩ ናቸው። እየቆየ ሲሄድ ቀለሙ ወደ ቡናማ፣ ቀጥሎም ወደ ግራጫ ይለወጣል፤ ክሮቹ በወፍራም ልጋግ ይጣበቃሉ፤ ሽታውም ይከረፋል። ብልሽት የሚያመጡት ደቃቅ ነፍሳት ከሚበዙባቸው ስፍራዎች አንዱ ስንጥብ ስለሆነ፣ ሥጋው ሳይበላሽ ስንጥቡ አስቀድሞ ይናገራል። ስለዚህም ዓሣው ወዲያው የማይሸጥ ከሆነ ሆድ ዕቃውና ስንጥቡ ወጥቶ መታጠብና በበረዶ መቀመጥ ይገባዋል። ስንጥቡ አስቀድሞ የወጣለት ዓሣ ለገበያ በቀረበ ጊዜ ግን መርማሪው ምስክሩ እንደ ተሰወረ አስቦ ዓይኑን፣ ሥጋውንና ሽታውን አብልጦ ይመርምር።

መረብም እንደዚሁ ነው። በኢትዮጵያ ሐይቆች ብዙውን ዓሣ የሚያስገኘው መረብ የሚይዘው በስንጥብ በኩል ነው። ዓሣው ራሱን በመረቡ ዓይን አስገብቶ ማለፍ ሲያቅተው ወደ ኋላ ይመለሳል፤ በዚያን ጊዜ ክሩ ከስንጥቡ ክዳን ሥር ገብቶ ያንቀዋል። ክዳኑ መከፈት ስለማይችልም ዓሣው በውኃ መካከል ሳለ ትንፋሽ አጥቶ ይሞታል። ከዚህ ሁለት ነገር ይገኛል። አንደኛ፣ የመረቡ ዓይን ስፋት የሚያዘውን ዓሣ ቁመት ይወስናል፤ ጠባብ ዓይን ያለው መረብ ገና ያልወለደውን ዓሣ ይፈጃል። ሁለተኛ፣ በምሽት የተጣለ መረብ ማለዳ ካልተነሣ፣ በሌሊት የሞተው ዓሣ በሞቀ ውኃ ውስጥ ይቆይና ወደብ ሳይደርስ ይበላሻል። ስለዚህ ገና ከጀልባ የወረደ ዓሣ ስንጥቡ ግራጫ ሆኖ ከተገኘ፣ ጥፋቱ የነጋዴው ሳይሆን መረቡን ያስቆየው አጥማጅ ሊሆን ይችላል። ይህን ሳይለዩ የሚቀጡ ሰዎች ንጹሑን ከበደለኛው ጋር ያስተካክሉታል።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳስበው የወንዙ ነገር ነው። ከጣና ላቤዮባርበሶች ብዙዎቹ በክረምትና በክረምቱ መውጫ እንደ ጉማራ፣ ርብና መገጭ ወዳሉት ገባር ወንዞች ወጥተው፣ ንጹሕ ውኃ በሚሮጥበት ጠጠር ላይ እንቁላላቸውን ይጥላሉ። በሞተር ጀልባ የሚደረገው የመረብ ዓሣ ማጥመድ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1986 ዓ.ም. በሐይቁ ከተጀመረ ወዲህ፣ ዓሦቹ ለመውለድ በወንዝ አፍ በተሰበሰቡበት ወቅት መረብ ይጠብቃቸው ጀመር። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከ1991 እስከ 2001 ዓ.ም. በተደረገው ጥናት፣ ወደ ወንዝ የሚወጡት ወገኖች ብዛት ከግማሽ በላይ ቀንሶ ተገኝቷል።

በወንዙ ላይ ከመረብ የሚብስ ነገርም አለ፤ እርሱም ብርብራ ነው። ፍሬው ተወቅጦ በውኃ በተበተነ ጊዜ፣ በውስጡ ያለው ሮቴኖን የሚባል መርዝ በስንጥብ ቅጠል በኩል ወደ ደም ይገባል፤ ከዚያም ሰውነት ኦክሲጅንን እንዳይጠቀምበት ይከለክለዋል። ዓሣው በትንፋሽ መካከል እየታፈነ ወደ ላይ ይንሳፈፋል። አጥማጁ ትልልቁን ለቅሞ ይሄዳል፤ ለዘር የሚሆነው ጫጩት ግን በወንዙ ይበሰብሳል። መረብ ምንም ቢሆን በዓይኑ ልክ ይመርጣል፤ ብርብራ ግን ስንጥብ ያለውን ሁሉ ያገኛል። ይህን ማድረግ የአባቶች ልማድ ነው ተብሎ ቢታለፍ፣ ልማዱን የሚወርሱት ልጆች የሚያጠምዱት ዓሣ አያገኙም።

ሦስተኛው ጥፋት ከወንዙ አይነሣም፤ ከእርሻው ይነሣል። ተዳፋት መሬት እርከን ሳይሠራለት እስከ ወንዝ አፋፍ ድረስ ሲታረስ፣ የክረምቱ ጎርፍ አፈሩን ወደ ውኃው ያወርደዋል። በጭቃ በተሞላ ውኃ ውስጥ ደቃቁ አፈር በስንጥብ ክሮች መካከል ይጣበቃል፤ ቅጠሎቹን ያቆስላቸዋል፤ ያበጡትም ቅጠሎች ትንፋሽ ለመቀበል ይቸገራሉ። በጠጠር መካከል የተጣለውም እንቁላል በደለል ተቀብሮ ይታፈናል። በዚህ ምክንያት የባለመሬቱ ኪሣራ እጥፍ ነው፤ እህሉን ያበቅልለት የነበረው አፈር ሄዶ ዓሣውን ይገድልበታል። የወንዝ ዳር ሣርና ዛፍ መጠበቅ፣ እርከን መሥራትም፣ ለእርሻው የሚደረገውን ያህል ለስንጥቡ የሚደረግ ሥራ ነው።

በሐይቁም ላይ እንቦጭ አለ። ይህ አረም እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1965 ዓ.ም. በቆቃና በአዋሽ መኖሩ ተመዘገበ፤ በ2011 ዓ.ም. ደግሞ በጣና ታወቀ። ጥቅጥቅ ብሎ በተነጠፈበት ስፍራ ብርሃንንና ንፋስን ከውኃው ይከለክላል፤ ሲበሰብስም በውኃው ያለውን ኦክሲጅን ይጨርሳል። የጣና ውኃ የሚገኝበት ከፍታ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 1,800 ሜትር ገደማ ስለሆነ፣ አየሩ በመሳሳቱ ብቻ በባሕር ዳርቻ ካለው እኩል ሙቀት ካለው ውኃ ይልቅ በአንድ አምስተኛ ያህል ያነሰ ኦክሲጅን ይይዛል። ከጥቂቱ ላይ ሲቀነስ የሚቀረው ምን ያህል እንደሆነ ማንም ይፈርዳል።

ኩሬ ቆፍረው ቆሮሶ የሚያረቡ ሰዎችም ከዚህ ትምህርት ይወስዳሉ። ፍግና ማዳበሪያ በበዛበት ኩሬ አረንጓዴው ሽበት ቀን ኦክሲጅን ይሰጣል፤ ሌሊት ግን መልሶ ይወስዳል። ስለዚህ ጉድለቱ የሚብሰው ጎሕ ሲቀድ ነው። ዓሦቹ በማለዳ አፋቸውን ከውኃው ፊት ላይ አድርገው ክዳናቸውን ቶሎ ቶሎ ሲያርገበግቡ ቢታዩ፣ ተርበዋል ተብሎ መኖ ሊጨመርላቸው አይገባም፤ ታፍነዋልና። የሚረዳቸው አዲስ ውኃ ማስገባትና ፍጉን ማቆም ነው።

ዓሣ በድንገት ባለቀ ጊዜም ስንጥብ የመጀመሪያው ምስክር ነው። ስንጥቡ ቡናማ ሆኖ ደሙም ቡናማ ከሆነ፣ ናይትራይት የሚባለው ነገር በውኃው እንደ በዛ ያመለክታል። የገረጣ ስንጥብ የደም ማነስን ወይም ደም መጣጭ ተባይን ያሳያል። ነጫጭ ቁስልና የበሰበሰ ክር በሽታን ይናገራል፤ በክሮቹ መካከል የተጣበቀ ጭቃም ስለ ጎርፉ ይመሰክራል። ይህ ሁሉ ግን የሚታመነው በማጣጣር ላይ ካለ ወይም አሁን ከሞተ ዓሣ ሲታይ ነው፤ ከሰዓታት በኋላ የማንኛውም በድን ስንጥብ በራሱ ይለወጣልና። ስለዚህ የዓሣ እልቂት ወሬ የደረሰው የወረዳ ሹም ጸሐፊ ፈልጎ ደብዳቤ እስኪያጽፍ ድረስ ቢዘገይ፣ ምስክሩ በእጁ ይጠፋበታል።

ስለ ዓሣ ሀብት ልማትና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 315/1995 ወጥቷል፤ ሕግ አልጠፋም። የጎደለው ሕጉን በወንዝ ዳር የሚያነብ ዓይን ነው። ለዚህም ሦስት ነገር ይበቃል። በመጀመሪያ፣ በየወረዳው የሚጻፈው ማናቸውም ማስታወቂያ ስንጥብን ስንጥብ፣ ክዳኑን ክዳን፣ ክሩን ክር ብሎ በአንድ ስም ይጥራ፤ በሁለት አገር የታየው አንድ በሽታ በሁለት ስም እንዳይጠፋ። ሁለተኛ፣ ዓሣ በሚወርድበት ወደብና በሚሸጥበት ገበያ የሚቆም ሹም ከክብደቱ ጋር የስንጥቡን ቀለምና ሽታ ይመዝግብ። ሦስተኛ፣ ዓሦች ለመውለድ ወደ ወንዝ በሚወጡበት ወራት መረብና ብርብራ ከወንዝ አፍ እንዲርቁ፣ አፋፍ የሚያርሱትም ባለመሬቶች እርከን እንዲሠሩ አገረ ገዥው ራሱ ይቆጣጠር። ለሦስቱም ብዙ ገንዘብ አያስፈልግም፤ የሚያስፈልገው ትጋት ነው።

ሐይቅ እንደ ዱር አይደለም፤ ዛፍ ሲቆረጥ ጉቶው ይታያል፤ ዓሣ ሲያልቅ ግን ውኃው እንደ ወትሮው ያብለጨልጫል። ከላይ ሆኖ የሚመለከት ሁሉ ደኅና ነው ሊል ይችላል። እውነቱ ያለው ከክዳኑ በታች ነውና፣ አገር እንዲጠብቅ የተሾመ ሰው ክዳኑን አንሥቶ ይመልከት።